ወደ ታች ብቻ ስለ መምታት ፤ ከጊታርና ከባስ ጊታር ታሪክ አንድ ምዕራፍ

የሙዚቃን ታሪክ የሚጽፉ ሰዎች አብዛኛውን ጊዜ የሚመረምሩት የዜማውን አመጣጥ ፣ የግጥሙን ምሥጢር ወይም የደራሲውን ሕይወት ነው። ዜማው ሲወጣ የተጫዋቹ እጅ ምን ይሠራ እንደ ነበረ እምብዛም አይጠየቅም። እኛ በዚህ ጽሑፍ ልንመረምረው ያሰብነው ነገር ላይ ላዩን ሲያዩት እጅግ ትንሽ ነው ፤ ይኸውም ጊታር ወይም ባስ ጊታር የሚጫወት ሰው አውታሩን ወደ ታችና ወደ ላይ እያፈራረቀ በመምታት ፈንታ ወደ ታች ብቻ የሚመታበት ስልት ነው። ነገር ግን በዚህ ትንሽ ነገር ላይ የሚሰጠው ፍርድ ትንሽ አይደለም። አንዳንዱ ስልቱን የመሃይም አመታት ነው ብሎ ይንቀዋል ፤ አንዳንዱ ደግሞ የጉልበት ውድድር ያደርገዋል። ሁለቱም ወገኖች ታሪኩን ቢያዩት ፍርዳቸውን የሚያለዝቡ ይመስለናል። ዓመታቱን ሁሉ የጻፍነው በአውሮፓ አቆጣጠር መሆኑን አንባቢ ልብ ይበልልን።

በመጀመሪያ ስለ አመታቱ ጥቂት እንበል። ጊታር የሚጫወት ሰው በቀኝ እጁ አውራ ጣትና ሌባ ጣት መካከል ፒክ የሚባለውን ትንሽ የፕላስቲክ መምቻ ይይዛል። ክራር በመምቻ ሲገረፍ ያየ ሰው ነገሩን በቀላሉ ይረዳዋል። ፒኩ አውታሩን ወደ ታች መትቶ ካለፈ በኋላ ወደ ነበረበት መመለሱ ግድ ነው። ሲመለስ አውታሩን ደግሞ ቢመታው ከአንድ የእጅ ምልልስ ሁለት ድምፅ ይገኛል። ይህ የማፈራረቅ ስልት ነው ፤ ፈጥኖ መጫወት ለሚፈልግ ተማሪ የሚሰጠውም ትምህርት ይኸው ነው። ወደ ታች ብቻ የሚመታው ሰው ግን እጁን የሚመልሰው አውታሩን ሳይነካ በአየር ላይ ነው። ከአንድ ምልልስ የሚያገኘው አንድ ድምፅ ብቻ ስለ ሆነ ፣ ለአንድ ዐይነት ፍጥነት እጁ እጥፍ ይሠራል ማለት ነው።

እንግዲህ ሰው በግማሽ ድካም የሚያገኘውን ነገር ስለ ምን በሙሉ ድካም ይፈልገዋል? መልሱ ሁለቱ ምቶች አንድ ዐይነት ድምፅ የማይሰጡ በመሆናቸው ላይ ነው። ወደ ታች የሚወርድ እጅ ክብደቱ ራሱ ያግዘዋል። ደግሞም ብዙ አውታር በአንድ ጊዜ ሲመታ ፒኩ አስቀድሞ የሚያገኘው ወፍራሞቹን አውታሮች ነው ፤ ወደ ላይ ሲመለስ ግን ቀጭኖቹ ይቀድማሉ። ስለዚህ የታች ምት ወፈር ያለና የተቆረጠ ፣ የላይ ምት ቀለል ያለና ብሩህ ይሆናል። የሠለጠነ ተጫዋች ልዩነቱን ሊያጠበው ይችላል ፤ ነገር ግን ፈጽሞ ላጥፋው ቢል አይሆንለትም።

ይህንን ልዩነት የድሮ ሰዎች አሳምረው ያውቁት ነበር። ከዐረቦች ዑድ የተወለደው የአውሮፓ ሉት እስከ 15ኛው መቶ ዓመት ድረስ በብዛት የሚመታው በላባ ዘንግ ነበር። በዚያ መቶ ዓመት መጨረሻ ላይ ተጫዋቾቹ ላባውን እየተዉ በጣታቸው መጫወት ጀመሩ። ከዚያ በኋላ በ1507 የቬኒሱ አታሚ ኦታቪያኖ ፔትሩቺ የሉት ሙዚቃ በመጽሐፍ አትሞ ሲያወጣ ፣ ለአንባቢው ከሰጠው ደንብ አንዱ ስለ ምት አቅጣጫ ነበር። ከሥሩ ነጥብ ያለበት ምልክት ወደ ላይ ፣ ነጥብ የሌለበት ወደ ታች ይመታል። የታቹ ምት የአውራ ጣት ፣ የላዩ የሌባ ጣት ሥራ ነበር ፤ አውራ ጣት ጠንካራውን ቆጠራ ይይዛል ፣ ሌባ ጣት ደካማውን። ላባው ቢቀርም የላባው ልማድ በጣቶቹ ላይ ቀጠለ ማለት ነው።

ከዚህ ይልቅ ግልጽ የሆነው ማስረጃ የሚገኘው ከጊታር ወገን ሳይሆን ከቫዮሊን ወገን ነው። በፈረንሳይ ንጉሥ በሉዊ 14ኛ ቤተ መንግሥት ሙዚቃውን ይመራ የነበረው ዣን ባፕቲስት ሉሊ (1632–1687) ቫዮሊን መቺዎቹን በአንድ ደንብ አሠልጥኗቸው ነበር። ሙዚቀኞች ባር የሚሉት ክፍል በጀመረ ቁጥር የሁሉም ደጋን ወደ ታች መሳብ አለበት። ይህንን ደንብ በሰፊው የጻፈልን ጌኦርግ ሙፋት ሲሆን ፣ በ1698 ባሳተመው ሥራው መቅድም ላይ ኖታዎቹን በሁለት ይከፍላቸዋል ፤ ጠንካራ ቆጠራ ላይ የሚወድቁትን «የከበሩ» ፣ ሌሎቹን «የተናቁ» ይላቸዋል። የታች ሳብ ለከበሩት ነው። (በንጉሥ ግቢ ያደገ ሙዚቃ ድምፅን እንኳ በማዕርግ መክፈሉ አያስደንቅም።) በሦስት በሚቆጠርና ዝግ ባለ ጭፈራ ላይ አንዱ ባር በታች ሳብ ሲያልቅ የሚቀጥለውም በታች ሳብ ስለሚጀምር ፣ ፈረንሳዮቹ ደጋኑን ከአውታሩ ላይ አንሥተው እንደ ገና ወደ ታች ይስቡ ነበር። እነሆ ፣ እጅ ድምፅ ሳያሰማ በአየር ላይ ተመልሶ ሁለተኛ ጊዜ ወደ ታች የሚወርድበት አሠራር ያኔም ነበረ።

ልብ ሊባል የሚገባው ግን ይህ ነው። በፔትሩቺም ሆነ በሙፋት ዘንድ የታች ምት ዋጋ ያገኘው የላይ ምት አጠገቡ ስላለ ነው። አንዱ የከበረ የሚሆነው ሌላው የተናቀ ሲሆን ነው። የላዩ ምት ፈጽሞ ቢወገድና ኖታው ሁሉ የከበረ ቢሆን ምን ይከተላል? ይህን የሞከሩት የ20ኛው መቶ ዓመት አሜሪካውያን ናቸው።

ከነዚህም አስቀድሞ መጠራት የሚገባው ፍሬዲ ግሪን ነው። ግሪን በ1937 ወደ ካውንት ቤሲ የጃዝ ኦርኬስትራ ገብቶ በ1987 እስኪሞት ድረስ ለ50 ዓመት ያኽል እዚያው ተጫወተ። ሥራው በየባሩ አራት ጊዜ ወደ ታች መምታት ነበር። ጊታሩ ኤሌክትሪክ አልነበረም ፤ ከመለከቶቹና ከድራሙ መካከል ድምፁ ተለይቶ የሚሰማው አልፎ አልፎ ብቻ ነው ፤ ነገር ግን የኦርኬስትራው ልብ ትርታ እርሱ መሆኑን ያልመሰከረ የጃዝ ሰው የለም። ስልቱን የመሃይም ነው ለሚሉት ሰዎች መልስ የሚሆን ከግሪን የተሻለ ምስክር አናገኝም። በዘመኑ እጅግ ከተደነቁት የሙዚቃ ጓዶች በአንዱ ውስጥ ግማሽ መቶ ዓመት ሙሉ ወደ ታች የመታ ሰው ሌላ አመታት ስላላወቀ ነው ቢባል ማን ያምናል? በእርግጥ የግሪን ፍጥነት ሌላ ነው። ዘፈኑ በደቂቃ 200 ቆጠራ ቢሄድ እንኳ እጁ የሚመታው በሴኮንድ ከሦስት ጊዜ ጥቂት በልጦ ነው።

በሮክ ሙዚቃ ቆጠራው ለሁለት ተከፈለ። ቸክ ቤሪ የፒያኖን የግራ እጅ ሥራ ወደ ጊታሩ ሁለት ወፍራም አውታሮች ካዞረ በኋላ ፣ በአንድ ቆጠራ ሁለት ጊዜ መምታት የተለመደ ሆነ። በ1969 በወጣው የሌድ ዜፕሊን የመጀመሪያ አልበም ላይ ያለው «ኮሚዩኒኬሽን ብሬክዳውን» ደግሞ ይህንኑ በችኮላ ያሰማል ፤ ጂሚ ፔጅ እዚያ ላይ የሚመታው ወደ ታች ነው። አንድ የኒው ዮርክ ወጣት ያንን ዘፈን ደጋግሞ ሰማው።

ይህ ወጣት ጆን ከሚንግስ ሲሆን በኋላ የታወቀው ጆኒ ራሞን በሚለው ስም ነው። በ1948 ተወልዶ ፎረስት ሂልስ በተባለው የኒው ዮርክ ሠፈር ያደገ የግንባታ ሠራተኛ ነበር። በ1974 መጀመሪያ ላይ ሞስራይት የተባለ ጊታር ከ50 ዶላር ጥቂት በሚበልጥ ዋጋ ገዛ። ባስ የያዘው የሠፈሩ ልጅ ዳግላስ ኮልቪን ወይም ዲ ዲ ራሞን ነው። ዘፋኙ ጆይ ፣ ድራም መቺው ቶሚ ሆኑና «ራሞንስ» የተባለው ባንድ ተቋቋመ። በዚያው ዓመት ሲ.ቢ.ጂ.ቢ. በተባለው የኒው ዮርክ መጠጥ ቤት መጫወት ጀመሩ። ያኔ የተነሣ ፊልም እስከ ዛሬ አለ ፤ ገና ሲጀምሩ እንኳ የጆኒ እጅ ወደ ታች ብቻ ሲወርድ ይታያል። ስለዚህ ስልቱ ከልምድ ብዛት በኋላ የመጣ ሳይሆን ባንዱ የቆመበት መሠረት ነው ለማለት እንደፍራለን። የጂሚ ፔጅን አመታት ከአርአያዎቹ አንዱ እንዳደረገውም ጆኒ ራሱ ተናግሯል።

የመጀመሪያ አልበማቸው በ1976 ወጣ። የተቀረጸው በኒው ዮርክ ፕላዛ ሳውንድ ስቱዲዮ ነው ፤ ወጪው 6,400 ዶላር ያኽል ነበር ፤ 14ቱ ዘፈኖች በጠቅላላው 29 ደቂቃ ገደማ ይፈጃሉ። ለእኛ ጥናት ከዘፈኖቹ ይልቅ የጠቀመን የቀረጻው አኳኋን ነው። በእስቴሪዮው ላይ ባሱን በአንድ ወገን ፣ ጊታሩን በሌላው ወገን አድርገውታል። ስለዚህ አድማጩ የአንዱን ድምፅ ማጉያ ቢዘጋው የዲ ዲን ባስ ፣ ሌላውን ቢዘጋው የጆኒን ጊታር ለብቻው ሊመረምር ይችላል። ለተመራማሪ እንዲህ ያለ ምቹ ሰነድ ከስንት አንዴ ነው የሚገኘው! ጊታሩን ብቻ የሰማ ሰው የሚያስተውለው ነገር ጩኸቱን አይደለም ፤ የምቶቹን እኩልነት ነው። ጠንካራና ደካማ የሚባል ቆጠራ የለም። «ብሊትስክሪግ ቦፕ» የተባለው ዘፈን በደቂቃ ከ170 ቆጠራ በላይ ይሄዳል ፤ በእያንዳንዱ ቆጠራ ሁለት ምት ስላለ እጁ በሴኮንድ ወደ ስድስት ጊዜ ይወርዳል ማለት ነው። ሙፋት ቢሰማው ኖታዎቹ ሁሉ የከበሩ ሆነው ሲመጡ ምን ይል ይሆን ብለን አስበናል።

ይህ እኩልነት የሙዚቃውን አሠራር በሙሉ ለወጠው። ጊታሩ ኮርድ ሲመታ ድምፁ በኤሌክትሪክ ማጉያው ከመሻከሩ የተነሣ ምቶቹ ተያይዘው እንደ ግድግዳ ይቆማሉ ፤ ነገር ግን እያንዳንዱ ምት ጠርዝ ስላለው ግድግዳው አይፈርስም። ምቱ ቢፈራረቅ ጠርዙ በየሁለተኛው ይለዝብና ዘፈኑ ይወዛወዝ ነበር። ራሞንስ ያን ውዝዋዜ አልፈለጉትም። የቶሚ ድራም ፣ የዲ ዲ ባስና የጆኒ ጊታር አንዱን ቆጠራ በአንድነት ይቀጠቅጡታል። ጆኒ በዘፈን መካከል ለብቻው ወጥቶ ጣቱን የሚያሳይበት ረጅም ጨዋታ እምብዛም የለውም ፤ ይህም በዚያ ዘመን ከነበረው የጊታረኞች ልማድ ጋር ፈጽሞ የሚቃረን ነበር። የዚያ ዘመን ጀግና ጊታረኛ የሚመሰገነው በአንድ ትንፋሽ በሚያሰማው የኖታ ብዛት ነበር ፤ ጆኒ ግን ድካሙን ሁሉ ማንም በማያጨበጭብለት ቦታ አዋለው።

ድካሙ ቀላል እንዳልነበረ በአንድ ምሳሌ እናሳይ። ታኅሣሥ 31 ቀን 1977 ራሞንስ በለንደን ሬይንቦ ቴአትር ያሳዩት ትርኢት ተቀርጾ በ1979 «ኢትስ አላይቭ» በሚል ስም ወጥቷል። በእርሱ ላይ 28 ዘፈኖች በ54 ደቂቃ ገደማ ይዘፈናሉ ፤ አንዱ ዘፈን በአማካይ ሁለት ደቂቃ አይሞላም። በመካከላቸው ያለው ዕረፍት የዲ ዲ አራት ቁጥር መጥራት ብቻ ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም። በሴኮንድ ስድስት ምት ብለን ስናሰላ ፣ ቆም የሚልባቸውን ቦታዎች በሰፊው ቀንሰን እንኳ ፣ የጆኒ እጅ በዚያች ሌሊት ከ10,000 ጊዜ የማያንስ ወርዷል። ባንዱ በ1996 እስኪበተን ድረስ ደግሞ ከ2,200 በላይ ትርኢት አሳይቷል። ጆኒ በ2004 ዓረፈ። እንደ ሰው ጥብቅና ትእዛዝ ወዳድ እንደ ነበረ የሚያውቁት ሁሉ ይመሰክራሉ ፤ እጁን ላየ ሰው ይህ አዲስ ነገር አይሆንበትም።

ስልቱ ከዚህ በኋላ ወደ ሄቪ ሜታል ተሻገረ ፤ ተሻግሮም መልኩን ለወጠ። የሜታሊካው ጄምስ ሄትፊልድ በ1963 በካሊፎርኒያ የተወለደ ነው። ባንዱ በ1985 በኮፐንሃገን ስዊት ሳይለንስ ስቱዲዮ የቀረጸውና በ1986 ያወጣው «ማስተር ኦፍ ፐፐትስ» የተባለው ዘፈን ለዚህ ስልት እንደ መፈተኛ ይቆጠራል። ፍጥነቱ በደቂቃ ወደ 210 ቆጠራ ስለ ሆነ የሄትፊልድ እጅ በሴኮንድ ሰባት ጊዜ ይወርዳል ፤ ዘፈኑም ከስምንት ደቂቃ ተኩል በላይ ይወስዳል። ከጆኒ የሚለየው ግን በፍጥነት ብቻ አይደለም። ጆኒ ኮርዱን በሙሉ ክፍት አድርጎ ሲመታ ፣ ሄትፊልድ አውታሮቹ ከሚታሰሩበት አጠገብ በመዳፉ ጎን ጫን ብሎ ያፍናቸዋል። የታፈነ ድምፅ አጭርና ደረቅ ስለ ሆነ የምቱ ጠርዝ ብቻ ጎልቶ ይቀራል። በዚህ አኳኋን የታቹና የላዩ ምት ልዩነት ከማንኛውም ጊዜ ይልቅ ይታወቃል ፤ አንድ የላይ ምት ቢገባ ያስታውቃል። ደግሞ ሄትፊልድ ማፈራረቅ ስላቃተው ነው እንዳይባል ፣ በዚያው አልበም መክፈቻ በሆነው «ባተሪ» ላይ ምቱን እያፈራረቀ በሚያስደንቅ ፍጥነት ይጫወታል። ሁለቱንም እያወቀ በየቦታው መርጧል። ሜታሊካም ለራሞንስ ያለበትን ውለታ አልደበቀም ፤ በ2003 ለራሞንስ ክብር በወጣው አልበም ላይ ከዘፈኖቻቸው አንዱን ተጫውቷል።

እስካሁን ስለ ባስ ጊታር ጥቂት ብቻ ነው የተናገርነው ፤ ታሪኩ ግን ለብቻው ሊጠና የሚገባው ነው። የፌንደር ፋብሪካ በ1951 ኤሌክትሪክ ባስ ጊታርን ለገበያ ሲያወጣ መሣሪያው የጊታርም የትልቁ ባስም ልጅ ሆኖ ተወለደ። ከትልቁ ባስ የመጡት ሰዎች በጣታቸው ፣ ከጊታር የመጡት በፒክ ይመቱት ጀመር። እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። በጣት የሚጫወት ባሲስት ሌባ ጣቱንና መካከለኛ ጣቱን እያፈራረቀ ቢመታም ሁለቱም አውታሩን የሚስቡት በአንድ አቅጣጫ ነው። ስለዚህ እኩልነትን ያለ ድርብ ድካም ያገኛታል ፤ የሚያጣው የፒኩን ጠርዝ ነው። ዲ ዲ ራሞን ያን ጠርዝ ስለ ፈለገ ፒክ ይዞ ፣ ወፍራሞቹን አውታሮች እንደ ጆኒ ወደ ታች ብቻ መታ። የባስ አውታር ከጊታር አውታር ይልቅ ወፍራምና ተቃዋሚ በመሆኑ የእርሱ ድካም ከጆኒ ቢበልጥ እንጂ አያንስም ፤ ስሙ ግን በዚህ ነገር እንደ ጆኒ አይነሣም። ይህ ፍርደ ገምድልነት ይመስለናል።

ስልቱ ጉድለት የለውም አንልም። ዜማ ከአውታር ወደ አውታር እየዘለለ ሲሄድ እጅን በየጊዜው በአየር መመለስ ያዘገያል ፤ ድምፅ ሊለዝብ በሚገባበት ቦታም ሁሉን እኩል መቀጥቀጥ ለጆሮ ይከብዳል። ከአንጓና ከክንድ የሚጠይቀውም ጽናት በጥቂት ቀን የሚገኝ አይደለም ፤ ክንዱን አጠንክሮ የሚገባበት ጀማሪ ሕመም ያተርፋል። ይልቁንም በዛሬ ጊዜ ወጣቶች ማን ፈጥኖ ወደ ታች ይመታል እያሉ ሲወዳደሩ ስናይ ነገሩ ከመነሻው የራቀ ይመስለናል። ጆኒ ወደ ታች የመታው ለመፍጠን አልነበረም ፤ ለመፍጠን ቢሆንማ ያፈራርቅ ነበር።

የባሱን ነገር ሳንጨርስ ሌላ አንድ ሰው ቀርቶናል። በ«ማስተር ኦፍ ፐፐትስ» ላይ ባስ የተጫወተው ክሊፍ በርተን በጣቱ የሚመታ ሰው ነበር። እርሱ በመስከረም 1986 በስዊድን አገር በአውቶቡስ አደጋ ሲሞት በቦታው የገባው ጄሰን ኒውስቴድ ፒክ ይይዛል ፤ የሄትፊልድንም ጊታር በምት በምት ይከተለዋል። ቀጥሎ በ1988 የወጣው «ኤንድ ጀስቲስ ፎር ኦል» የተባለው አልበም ግን ሲቀናበር የባሱ ድምፅ ዝቅ በመደረጉ የኒውስቴድ ሥራ ሊሰማ አይችልም ማለት ይቀላል። አንድ ሰው ያን ያኽል ተጋድሎ የመታቸው ምቶች በሸክላው ላይ የሉም። ስለዚህ በዚህ ነገር ሸክላን ብቻ ሰነድ አድርጎ የሚነሣ ተመራማሪ ይሳሳታል። ኒውስቴድ በእውነት ምን ይሠራ እንደ ነበረ ለማወቅ የሚፈልግ ሰው ፣ ባንዱ በ1989 በሲያትል ከተማ ሲጫወት ተቀርጾ በ1993 የወጣውን ፊልም መመልከት አለበት ፤ እዚያ ባሱ ይሰማል ፣ የቀኝ እጁም ይታያል።